ስለ ጊዜ ለማጣራት ወደ ሊማሊሞ

ጎንደር፣ ማለዳ

የጉዞዬ ምክንያት አንድ ያረጀ ክርክር ነው። አባቴ መሪጌታ ጥበቡ በልጅነታቸው ከሊማሊሞ አፋፍ በታች ባለች ትንሽ ደብር ሲማሩ እንየው የሚባል ጓደኛ ነበራቸው። በአንድ ለምድ ተሸፍነን እንተኛ ነበር ይላሉ። በደብሯ ማን እንደጻፈው የማይታወቅ «ነገረ ጊዜ» የሚባል ጥንታዊ የብራና መጽሐፍ አለ፤ ሁለቱም ከእሱ በቃላቸው አጥንተዋል። ታዲያ አባቴ «መጽሐፉ ሰው ተቀምጧል፣ የሚሄደው ጊዜ ነው ይላል» ሲሉ፣ እንየው «የለም፣ ጊዜ ቆሟል፣ የሚሄደው ሰው ነው ይላል» ባይ ናቸው። በዚህ ተኳርፈው አባቴ ጎንደር ገቡ፤ እንየው እዚያው የደብሩ አለቃ ሆኑ። ከዚያ ወዲህ ሰላምታ እንኳ አልተላላኩም። አገሩን ለቆ የወጣው «ሰው ተቀምጧል» ይላል፤ ከቀዬው ያልተነቃነቀው «ሰው ይሄዳል» ይላል። እኔ በዚህ ስስቅ ነው ያደግኩት።

በዚያ ዓመት ግን ሳቁ ቀረ። የአባቴ ዓይን ፈዘዘ፤ ደረታቸውም ከክረምት ወዲህ አልሻል አለ።

«ሂጂና መጽሐፉን እይልኝ» አሉኝ። «እኔ ከተሳሳትሁ ይቅርታ ልጠይቀው። እሱም ከተሳሳተ ይጠይቀኝ። እንዲህ ተኳርፈን መሞት አልፈልግም።»

ግዕዝ ያስተማሩኝ ራሳቸው ናቸውና ማመካኛ አልነበረኝም። የማስተምርበት ትምህርት ቤት ዕረፍት ላይ ነበር፤ ከቀበሌ የይለፍ ወረቀት አውጥቼ አውቶቡስ ተሳፈርኩ።

ዳባት

ከአምባ ጊዮርጊስ ወዲያ ብርዱ ሌላ ነው። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ ሁለት ዶሮ ታቅፈዋል፤ ዶሮዎቹ ክንዴን ሲነቁሩኝ «ወደዱሽ» ይሉኛል። ዳባት ኬላ ላይ ሁላችንም ወረድን። በስሙኒ የገዛሁትን ቅቅል ድንች በበርበሬ እየበላሁ ሳለ፣ ጠመንጃ ያነገተ ወጣት ጥበቃ ወረቀቴን ተቀበለኝ።

«የጉዞሽ ምክንያት?»

«መጽሐፍ ላነብ።»

«የምን መጽሐፍ?»

«የጥንት ነው። ስለ ጊዜ ያወራል።»

ፊቱ ተለወጠ። «ስላለፈው ጊዜ ነው? ስለ ፊውዳሉ?»

«ኧረ ጓድ፣ ስለ ጊዜ ብቻ ነው። ይሄዳል ወይስ ቆሟል የሚለውን ላጣራ።»

ትንሽ አሰበ። «እዚህ ኬላ ላይ እንደሆነ ቆሟል» ብሎ ወረቀቴን መለሰልኝ።

ደባርቅ

ደባርቅ ገበያ ነበር። መንገዱ በገብስ ጆንያና በበግ ተዘግቷል፤ የሱፍ ባና ሻጮቹ ጭነታቸውን በትከሻቸው ደርበው ይዞራሉ። በቅሎ የሚያከራዩት ጨርቅ ነጋዴው ሐጅ ሙሄ ናቸው አሉኝና ሱቃቸው ሄድኩ።

«አለቃ እንየው ዘንድ ነሽ?» አሉኝ ጨርቅ እያጠፉ። «እንግዲያው ስለ ጊዜ እንዳታነሺባቸው። ካነሣሽማ በቅሎዬ እስከ ሳምንትም አትመለስም።»

ኪራዩን ከፍዬ በቅሎዋን ተረከብኩ። ከገበያ ከሚመለሱ ሰዎች ጋር አፋፉን ቁልቁል ወረድኩ። ጭላዳ ዝንጀሮዎቹ ከገደሉ ጫፍ ሣር እየነጩ ዞር ብለውም አላዩን። ቁልቁለቱ ሲበረታ በቅሎዋ እምቢ አለችና አብዛኛውን መንገድ በእግሬ እየሳብኳት ሄድኩ፤ ኪራዩን ለምን እንደከፈልኩ እስከ ዛሬ አይገባኝም።

ከአፋፉ በታች

አለቃ እንየው ደቃቃ፣ ጋቢ የለበሱ አዛውንት ናቸው። መስቀል አሳለሙኝና የማን ልጅ እንደሆንኩ ጠየቁኝ።

«የመሪጌታ ጥበቡ ልጅ ነኝ፣ የኔታ።»

መስቀሉን ወደ ጋቢያቸው መለሱት። «አሁንም ጊዜ ይሄዳል ይላል?»

«ይላሉ።»

«አይማርም።» ወዲያው ደግሞ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ያስለዋል ወይ? ድሮም ደረቱ ደካማ ነበር» አሉኝ።

እንደሚያስላቸው ነገርኳቸው። ቆሎና የገብስ ጠላ አስመጡልኝ። መጽሐፉን ለማየት ስጠይቅ ግን «ምኑ ይታያል? በቃሌ አውቀዋለሁ» ብለው ቁጭ አሉ። ለካስ ከተማሪነታቸው ወዲህ ክርክሩ ያለበትን የብራና ቅጠል አልገለጡትም። በቃሉ የያዘ ሰው መጽሐፍ ሲገልጥ መታየት ለእነሱ ነውር ነው።

«አባባ ከተሳሳቱ ይቅርታ ሊጠይቁዎት ነው» አልኳቸው።

«ጥበቡ? ይቅርታ?» አሉና ተነሡ።

መጽሐፉን በቆዳ ማኅደሩ እንዳለ ከዕቃ ቤት አውጥተው ቅጽሩ ውስጥ ከዛፍ ሥር አስቀመጡት። የእሳቸውም ዓይን ደክሟልና አንብቢ አሉኝ። በመጽሐፉ ውስጥ ሁለት ወንድማማቾች ይከራከራሉ። በቅጠሉ ፊት ታላቁ እንዲህ ይላል፦ «ጊዜስ እንደ ተራራ ቆሟል፤ በሥሩ የምናልፍ እኛ ነን።» አለቃ ዓይናቸውን ጨፍነው ቃል ሳይስቱ አብረውኝ አሉት።

«አየሽ?»

ቅጠሉን ገለበጥኩት። ታናሹ ይመልሳል፦ «የለም፤ እኛ በደጃችን ተቀምጠናል፤ ጊዜ እንደ መንገደኛ በፊታችን ያልፋል።»

አለቃ ቅጠሉን ወዲያና ወዲህ አስገለበጡኝ። ቀስ በቀስ ትዝ አላቸው። መምህራቸው ለእሳቸው የፊቱን ገጽ፣ ለአባቴ የጀርባውን ሰጥተው ያስጠኗቸው ነበር። ቀጣዩን ቅጠል ሳይጀምሩ መምህሩ ዐረፉ፤ ተማሪዎቹም ተበተኑ።

«ቀጥዪ እስቲ። ማን ረታ?»

በሚቀጥለው ቅጠል ስለ ወንድማማቾቹ አንዲት መሥመር ብቻ አለች። አነበብኩላቸው። በጋቢያቸው አፋቸውን ይዘው እንባ እስኪያቀርሩ ሳቁ።

«ይህን ራሴ ነኝ የምነግረው» አሉና መቋሚያቸውን አነሡ።

ጎንደር፣ አመሻሽ

በማግስቱ ተያይዘን ተመለስን። ዳባት ላይ ያው ጥበቃ «ተጣራ?» አለኝ፤ «ሊጣራ ነው» አልኩት።

አባቴ በራፋችን ላይ የማታ ፀሐይ ይሞቃሉ። አለቃ ስማቸውን አልተናገሩም። ፊታቸው ቆመው የታላቁን ወንድም ቃል በዜማ አወረዱት።

አባቴ ቀና አሉ። «አንተ ግትር» አሉና የታናሹን መለሱላቸው።

ያን ጊዜ አለቃ የቅጠሉን ፊትና ጀርባ ነገር አስረዷቸው።

«ሁለታችንም ልክ ነበርን በለኛ?» አሉ አባቴ።

«ልክ ነበርን። ቀጥሎ ያለውን ግን ስማ።»

«ምን ይላል?»

«‹ይህን ሲባባሉ መሸ› ይላል።»

አባቴ መጀመሪያ ሳቁ። ሳቁ ሳል ሆነባቸውና አለቃ ጀርባቸውን ደገፉላቸው፤ ሳሉ ካለፈም በኋላ እጃቸውን አላነሡም። እኔ ፊቴን አዙሬ ዓይኔን ጠረግኩ።

«እውነትም መሽቷል» አሉ አባቴ። «ግባ እንጂ፣ ምን በር ላይ ያቆምሃል?»

ከዚያ ጉዞ ስለ ጊዜ ምን አወቅሽ የሚሉኝ አሉ። ስለ ጊዜ የማውቀው የለም። አንጀቴን የሚበላኝ ሌላ ነው፦ ደባርቅ ለጎንደር ቅርብ ነው፤ ጠዋት ከተነሡ ለምሳ ይደረሳል።