አጎቴ እጅ ያስታጠቡ ዕለት

ትናንት ጎመን ስቀነጥስ የልጅ ልጄ ምሕረት አጠገቤ ቁጭ አለችና፣ «እማማ፣ ሰኞ ፍርድ ቤት ለምስክርነት ይመጡልኛል?» አለችኝ። የትምህርት ማስረጃዋ ላይ ያለው ያሳደጋት የእንጀራ አባቷ ስም ነው፤ መታወቂያዋ ላይ ግን የሟች አባቷ። በፍርድ ቤት ትዕዛዝ ካልታረመ ሥራ አትቀጠሪም ብለዋታል። «እመጣለሁ» አልኋት። ካልሁ በኋላ ግን እጄ ጎመኑ ላይ ቆሞ ቀረ።

እኛም ቤት ይኸው ነገር ገብቶ ያውቃል። አባቴ እህል ጭኖ በታንኳ ወደ ጎርጎራ ሲሻገር ማዕበል ወሰደው፤ ሬሳው እንኳ አልተገኘም። እኔ ነፍስ ያላወቅሁ ልጅ ነበርሁ፤ ታናሽ ወንድሜ ደሴ ደግሞ ገና በእናቴ ጀርባ። የእናቴ ወንድም አጎቴ አስረስ ልጅ አልነበራቸውም። ሦስታችንንም ባሕር ዳር ቤታቸው አስገቡን። ደሴን ትምህርት ቤት ሊያስመዘግቡ ሄደው የአባቱን ስም ሲጠየቁ የራሳቸውን ሰጡ። የሰፈር ልጆች «አባቱን ውኃ የበላው!» እያሉ ያበሽቁት ነበርና። እኔ ትምህርት ቤት ስላልገባሁ ስሜን የነካው የለም። እንዲህም ያለ ዕድል አለ።

ደሴ ትምህርቱን ጨርሶ ለመምህርነት ሲመረጥ፣ የቀበሌው ወረቀትና የትምህርት ቤቱ አልገጥም አሉ። አጎቴ፣ «የቀበሌው በእኔ ስም ይዙር» አሉ።

እናቴ እምቢ አለች። «መቃብር የለው። ስሙን ደግሞ ከልጁ ላይ ልፋቅበት?»

የትምህርት ቤቱ ወረቀት በአባታችን ስም እንዲታረም ለፍርድ ቤት አመለከተች። በቀጠሮው ቀን አጎቴ ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው ከሁላችን ቀድመው ወጡ። የግንቦት ሙቀት ነበር፤ ከሐይቁ የሚመጣው ነፋስ የበሰበሰ የደንገል ሣር ይሸታል።

ዳኛው፣ «ይህ ልጅ ልጅዎ ነው?» ብለው ጠየቋቸው።

«ያሳደግሁት እኔ ነኝ።»

«እሱን አልጠየቅሁዎትም። ወልደውታል?»

«አልወለድሁትም።»

«አልተሰማም። ለመዝገቡ ነው፣ ጮክ ይበሉ።»

«አልወለድሁትም! እኔ ልጅ የለኝም!»

የተጠየቁት ይህን ያህል አልነበረም።

ስሙ እንዲታረም ተፈረደ። ቤት ገብተን ምሳ አቀረብሁ፤ የዓሣ ወጥ ነበር። ከልጅነቱ ጀምሮ አጎቴን እጅ የሚያስታጥበው ደሴ ነው። በእኛ ዘንድ ልጅ አባቱን ያስታጥባል፤ አባወራ ደግሞ እንግዳውን። ያን ዕለትም ማንቆርቆሪያውን ሊያነሣ ሲል አጎቴ ቀደሙት። ጎንበስ ብለው፣ «እጅህን አምጣ፣ እንግዳዬ» አሉት።

«አባባ፣ ኧረ ይተው!»

«ታጠብ።»

ታጠበ። ዓሣው ሳይነካ ቀዘቀዘ።

ደሴ ከሥልጠናው በኋላ ሩቅ አገር ተመደበ። አጎቴ በክረምት ታመው ሞቱ። መንገዱን ጭቃ ዘግቶት ደሴ የደረሰው ከቀብር በኋላ ነበር። በለቅሶው ድንኳን ውስጥ አንድ ሽማግሌ፣ «ማንን እናጽናና? ሟች ልጅ የላቸው» ሲሉ ሰማና፣ «እኔ አለሁ» አለ።

«አንተማ፣ ልጄ፣ በዳኛ ፊት አይደለህም ተባልህ እኮ።»

ክፉ ሰው አልነበሩም፤ የሰሙትን ነው የተናገሩት። ደሴ ሄዶ እንደ ሩቅ ሰው በሩ አጠገብ ተቀመጠ። ያ ድንኳን እስኪነሣ ድረስ ከዚያ አልተነቃነቀም።

ዛሬም ሳስበው እናቴ ተሳስታለች ማለት አልችልም። አጎቴም አልተሳሳቱም። ምሕረትንም አትሂጂ አልላትም፤ የሟች ስም መጠራት አለበት። ያ ደግ የእንጀራ አባቷ ግን ሰኞ ከችሎት ተመልሶ ማንቆርቆሪያውን ቢፈልግ አያገኘውም። አልጋዬ ሥር ደብቄዋለሁ።

«ቤት ስንደርስ ከሁሉ ቀድመሽ ገብተሽ ማንቆርቆሪያውን ከአልጋዬ ሥር ታወጭዋለሽ» አልኋት።

«ምን ላደርገው፣ እማማ?»

«አባትሽን ታስታጥቢበታለሽ።»