ዜሮ የወጣበት አረፋ

ባለፈው ሳምንት የልጄን ደብተር ሳገላብጥ «አንድ ሁለተኛ ሲደመር ነጌቲቭ አንድ ሦስተኛ» ለሚለው ጥያቄ በእርግጠኝነት «ዜሮ» ብላ መልሳ አገኘኋት። ሳቄ አመለጠኝ። በዚህስ እኔን ነው የወጣችው!

ልጅ እያለሁ ከሚሴ ውስጥ በሒሳብ የሚስተካከለኝ ያለ አይመስለኝም ነበር። አባቴም ባጃጅ ላይ አብሮት ለተሳፈረ ሁሉ ስለ እኔ ያወራ ነበር። አንድ ዓመት ለአረፋ ሙክት ታረደና እናቴ ግማሹን ሥጋ ለዘመድ ለጎረቤት አዳርሳ አያቴን ልትጠይቅ ወጣች። አባቴ ቀሪውን ግማሽ እያሳየኝ፣ «ዘሃራ፣ ከጠቅላላው ሲሶው የሚስኪን ሐቅ ነው፣ ገና አልወጣም። እሱ ሲነሳ ለኛ ስንት ይተርፋል? እስቲ አስቢው» አለኝ።

ከሰል አንስቼ በሩ ላይ ጻፍኩ። የሚወጣውን ነጌቲቭ አደረግኩት። ከዚያ ላዩን ከላይ፣ ታቹን ከታች ደመርኩ፦ አንድ ሲደመር ነጌቲቭ አንድ ዜሮ፣ ሁለትና ሦስት አምስት። ዜሮ ለአምስት!

«አባ፣ ለኛ ምንም አይተርፍም።»

አባቴ ሥጋውን አየ፣ በሩን አየ፣ እንደገና ሥጋውን አየ። «የተማረ ካለ ምን ይደረጋል፣ አልሐምዱሊላህ» ብሎ ሥጋውን ከነሳፋው አሸከመኝና ከጓሯችን ብቻዋን ለምትኖረው ለአደ ሎሚ ላከኝ።

እናቴ ስትመለስ ድስቱ ውስጥ ከቁሌት በቀር ምንም አልነበረም። ፊደል አልቆጠረችም፤ ግን ጉዳዩን ስትሰማ ስድስት ጠጠር ለቅማ ደረደረች። «ግማሹ ሦስት መደብ። ሲሶው ሁለት። ምነው ልጄ፣ መጀመሪያ መደቡ እኩል ይሆናል እንጂ!» አንዲት ጠጠር ቀረች። ያቺ የአረፋ ምሳችን ነበረች። በእፍረት ተንሰቀሰቅኩ።

ቁሌቱን በባዶው ልንበላ ስንቀርብ አደ ሎሚ በሩ ላይ ብቅ አለች። «ያ ረቢ፣ ይሄን ሁሉ ብቻዬን? ኮታ፣ ኑ፣ ቤቴ እንብላ! እኔም እንደ ሰው ዛሬ እንግዳ ይኑረኝ።» ለካ ያቺ ሴት በየአረፋው ቁራጭ ሥጋ ይደርሳታል እንጂ ቤቷ የሚበላ ሰው ኖሮ አያውቅም። ከዚያ በኋላ እናቴ የኛን መደብ ሁልጊዜ እሷ ቤት ይዛ ትሄድ ነበር።

አሁን አደ ሎሚም እናቴም የሉም። የአረፋ ሥጋ በፌስታል ታስሮ ፍሪጅ ይገባል፤ ሒሳቡን ስልኩ ይሠራዋል፣ አይሳሳትም። ለልጄ ግን ስድስት ጠጠር ደረደርኩላት፤ ወዲያው ገባት። አንዷ ስትቀር፣ «ይቺስ የማን ናት?» አለችኝ።

«የኛ» አልኳት። ዛሬ ዛሬ ብቻችንን የምንበላት መሆኗን ግን አልነገርኳትም።