የሚስስ ፔንደል ለቅሶ

ከቃሊቲ የወጣሁት በአባቴ የጭነት መኪና፣ በትሬንታ ኳትሮው ነው፤ ሰዓት እላፊው እንደተነሣ፣ ገና ጎሕ ሳይቀድ። በዋዜማው እናቴ ልብሴን ደጋግማ አጠፈችው፣ ደጋግማ ፈታችው። አላለቀሰችም። የሚያውቋት ይህን አያምኑኝም፣ እናቴ በሰው ሠርግ እንኳ የምታለቅስ ሴት ናትና። ያን ቀን ግን ጎረቤት እንዳይሰማ ሻሿን ነክሳ ዝም አለች። ጋቢናው ውስጥ ገብቼ በሩን ስዘጋ ጮክ ብላ፣ "በይ ዘሐራ፣ ድሬዳዋ አክስትሽን ሳሚልኝ!" አለችኝ። ድሬዳዋ አክስት የለኝም።

ለምን ወጣሽ ብትሉኝ፣ ትያትር ነው ያስወጣኝ። ቀን ቀን ፋብሪካ ውስጥ ክር እፈትላለሁ፣ ከሥራ በኋላ ደግሞ በፋብሪካችን የኪነት ቡድን ውስጥ የባላባት ሚስት ነኝ። ሌላ ሚና ሰጥተውኝ አያውቁም። አፍንጫዬ ኩራት አለበት ይሉ ነበር። በየትያትሩ መጨረሻ ገበሬዎቹ ተነሥተው ባሌን ይገድላሉ፣ እኔንም አንጠልጥለው ይወስዱኛል፣ አዳራሹም ያጨበጭባል። የእኛ ሰፈር ተመልካች ደግሞ አመል አለው፤ በትያትሩ ውስጥ ያለሽ ስም ምን እንደሆነ ግድ አይሰጠውም። "ዘሐራ ያንን ምስኪን ገበሬ አስገረፈችው" ነው የሚለው። በማግስቱ ገበያ ስወጣ ሴቶቹ ያኮርፉኛል፣ ሰላምታዬንም በግድ ነው የሚመልሱት።

አንድ የበዓል ቀን እንደ ልማዴ ሲወስዱኝ ምን እንደነካኝ እንጃ፣ ከልቤ አለቀስኩ። ፊት ለፊት የተቀመጡት ሴቶች አብረውኝ አነቡ። እናቴም ከመቀመጫዋ ተነሥታ፣ "ተዋት እንጂ! ምን አደረገቻችሁ ልጄ?" አለች። የሚያጨበጭብ ጠፋ። በሳምንቱ የፋብሪካው ካድሬ አስጠራኝ። "የአድኃሪ ሚስት ስትያዝ ሰፊው ሕዝብ ለምን አለቀሰ? ቀርበሽ ታስረጃለሽ" አለኝ። ሊያስረዱ ቀርበው የቀሩ ሰዎች አውቃለሁ። አባቴም ያውቃል፤ መኪናውን ያስነሣው ለዚህ ነው።

በጅቡቲ የሆንኩትን አልፈዋለሁ። ሙቀቱን ያየ ያውቀዋል፣ ላላየ ደግሞ ነግሬው አይገባውም። ለንደን ስደርስ አንድ ቀይ ፂም ያለው የስደተኞች ጉዳይ ሹም አስተርጓሚ አጠገቡ አስቀምጦ ይጠይቀኝ ጀመር።

"ሥራሽ ምን ነበር?"

"ፈታይ ነበርኩ፣ ማታ ማታ ደግሞ የባላባት ሚስት።"

"ባልሽ አሁን የት ነው?"

"ገበሬዎች ገደሉት።"

"በጣም አዝናለሁ።"

"ግድ የለም ጌታዬ፣ በየወሩ ነው የሚገድሉት።"

ሰውየው ብዕሩን አስቀምጦ አስተርጓሚውን አየው። አስተርጓሚው ሳቁን በሳል ሸፍኖ ነገሩን አስረዳልኝ። ሹሙ ጥቂት አሰበና፣ "እንግዲህ ያሳደዱሽ መጥፎ ተዋናይ ስለሆንሽ ነው?" አለኝ። "የለም፣ ስለቻልኩበት ነው" አልኩት። ይህን መጻፍ አለመጻፉን እስከ ዛሬ አላወቅሁም፤ ብቻ የመኖሪያ ፈቃዱን ሰጠኝ።

ክፍል ፍለጋ ስዞር ነው ሚስስ ፔንደልን ያገኘኋቸው። በር የከፈቱልኝ ጠጉራቸውን በጨርቅ ጠቅልለው፣ ከንፈራቸውን ቀይ ተቀብተው ነው፤ ከላይ ቤት ጠባቂ፣ ከታች ንግሥት ይመስላሉ። ምን እንደምሠራ ሲጠይቁኝ በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ "አክትረስ" አልኳቸው። ከእግሬ እስከ ራሴ አዩኝና፣ "ተዋናይ? እንግዲያው በመስታወቱ መጣላታችን ነው" ብለው አስገቡኝ። እሳቸውም ተዋናይ ነበሩ።

ገና ኮረዳ ሳሉ ከቤታቸው ጠፍተው ከከተማ ከተማ የሚዞር የትያትር ቡድን ውስጥ ገቡ። መጀመሪያ ትሪ ይዘው ወጥተው "እራት ቀርቧል" ብለው የሚመለሱ ገረድ ነበሩ። ከዚያ የገረዷ እመቤት ሆኑ፣ ከዚያ ንግሥት፣ ከዚያ የንግሥት እናት። ጉልበታቸው የመድረኩን ደረጃ እምቢ ሲል ቴሌቪዥን ወሰዳቸው። እኔ ስደርስ በየሳምንቱ በሚታይ ድራማ የአንድ መንደር ባለሱቅ ሆነው ዓመታት አስቆጥረዋል። መንገድ ላይ የማያውቁት ሰው አስቁሞ "ስኳር ገባ?" ይላቸዋል ለቀልድ። እኔ መጀመሪያ የሰማሁ ቀን የቀበሌ ሱቃችን ትዝ ብሎኝ በሳቅ ሞትኩ። እኛ ግን ስንጠይቅ የምር ነበር።

ምግባቸውን አላማርርም። ጎመኑን ውሃ ውስጥ እስኪሟሟ ይቀቅሉታል፣ ጨው ያሳዩታል እንጂ አያስነኩትም። ዝናባቸውም ያው ነው፤ የእኛ ሐምሌ መጥቶ ቆርቆሮውን ደብድቦ ይሄዳል፣ የእነሱ ሲያመነታ ይውላል። ሚስስ ፔንደል ግን ብርድ በሆነ ቁጥር ከሥራ ሳልመለስ ክፍሌን አሙቀው ይጠብቁኛል፤ ስጠይቃቸው ይክዳሉ። ቅዳሜ ቅዳሜ ቃላቸውን ሲያጠኑ ድርሰቱን እኔ እይዛለሁ። እንግሊዝኛ የተማርኩት የዳቦ ጋጋሪውን፣ የቄሱንና የፖሊሱን ንግግር እያነበብኩላቸው ነው። ለዚህ ነው እስከ ዛሬ ስቆጣ እንደ ፖሊስ የምናገረው።

ወደ አገር ቤት የምደውለው በኢድና በዓረፋ ነው። እናቴ በሰፈራችን ነጋዴ በሐጂ ኑሩ መጋዘን ካለው ስልክ ዘንድ ቀድማ ተቀምጣ ትጠብቀኛለች። ስልኩን ማን እንደሚያዳምጠው ስለማናውቅ ስለ ካድሬው አናወራም፣ መቼ እንደምመለስም አናነሣም። ታዲያ ምን እናውራ? ድራማውን እነግራታለሁ። በመሐልም ወደ አገር ቤት የሚሄድ ሰው ሲገኝ ድምፄን በካሴት ቀድቼ እልክላታለሁ። የባለሱቋ ስም ለአፏ ስለሚከብዳት እኔም እንደ ሰፈራችን ልማድ፣ "ሚስስ ፔንደል ከዳቦ ጋጋሪው ተጣሉ"፣ "ሚስስ ፔንደል ለቄሱ ዱቤ ከለከሉ" እላታለሁ። እናቴም ትፈርዳለች። "ደግ አደረጉ! ቄስ ዱቤ ምን ያደርግለታል?"

አንድ ቀን ለሚስስ ፔንደል ተደወለላቸው። ስልኩን እንደዘጉ፣ "ሊገድሉኝ ነው" አሉኝ። ባለሱቋ በዚህ ወር ትሞታለች። በእሳቸው ዕድሜ ላለች ተዋናይ ማንም ሁለተኛ አይደውልም። ልጅ የላቸው፣ ባል የላቸው፤ ያ ሱቅ ነበር ቤታቸው። የመጨረሻውን ድርሰት እንደ ሁልጊዜው እኔ ያዝኩላቸው። ባንኮኒው ላይ ድፍት ይላሉ፣ አንድ ጣሳ ይወድቃል፣ ከዚያ የተዘጋው ሱቅ ይታያል።

"ማን ነው የሚያለቅሰው?" አልኳቸው ገጹን እየገለበጥኩ።

"ማንም። ዳቦ ጋጋሪው ኮፍያውን ያወልቃል።"

"ኮፍያውን ብቻ?"

"ለእንግሊዝ ይህ ብዙ ነው፣ ልጄ።"

የታየ ዕለት አብረን አየን። ሲያልቅ ቴሌቪዥኑን አጥፍተው ስኒ ማጠብ ጀመሩ፣ እኔ ግን ማልቀስ ማቆም አቃተኝ። በማግስቱ ዓረፋ ነበር። ድምፄ ገና እንደተዘጋ ደወልኩ፤ እናቴ "ምን ሆነሻል?" ስትለኝ፣ "ሚስስ ፔንደል ሞቱብን። አንድ ሰው አላለቀሰላቸውም" አልኳት። "ወይኔ!" ስትል ሰማሁ፣ መስመሩም እንደ አመሉ ተቋረጠ። ድራማውን እንደነገርኳት ነው የመሰለኝ።

ከዚያ በኋላ ሚስስ ፔንደል ከንፈራቸውን መቀባት ተዉ። ቀኑን ሙሉ በሌሊት ልብሳቸው መስኮት ሥር ይቀመጣሉ። ጎመን እንኳ አልቀቅል አሉ፤ ናፈቀኝ ብላችሁ ታምኑኛላችሁ? በርበሬ ያለበት ወጥ ሠርቼ አቀረብኩላቸው፣ አመስግነው ገፉት። ስኳር የሚጠይቃቸውም ሰው ቀረ።

በዚህ መሐል አንድ የአገር ልጅ ከአዲስ አበባ ሲመጣ ካሴት አመጣልኝ። ኩሽና ውስጥ ከፈትኩት።

"ልጄ፣ አላህ ያጽናሽ" ይላል የእናቴ ድምፅ። "መርዶ እንዲህ በስልክ ዱብ አይደረግም። ሽማግሌ ተልኮ፣ ቀስ ተብሎ ነው። ግን ስደት ላይ ነሽና ይቅር ብለንሻል። አንድ ሰው አላለቀሰላቸውም ስትዪኝ አንጀቴ አልቻለም። ለዕድሩ ነገርኩ። ዳኛው 'አባል አይደሉም' አይለኝ መሰለሽ! ልጃችንን ያስጠጋች ሴት አባል ካልሆነች አባል ማን ነው አልኩት። ድንኳኑን አወጣ። የቀበሌው ሊቀመንበርም መጥቶ 'ሴትዮዋ ኢምፔሪያሊስት አይደሉም ወይ?' አለ። ሞተዋል እኮ አልነው። ተቀምጦ ንፍሮውን ዘግኖ ሄደ።"

ከዚያ ለቅሶው ራሱ መጣ። ሴቶቹ ድምፃቸውን አውጥተው ያነባሉ፣ ከበስተጀርባ የከባድ መኪና ጥሩምባ ይሰማል፣ ገበሬዋ ጎረቤታችን አዴ ጫልቱ ያንን ሻካራ ድምፅዋን ለቅቃ ታሞሻለች፦ "ባሕር ማዶ ያለሽ፣ ወገን የሌለሽ፣ ልጃችንን ያሞቅሽ፣ ማን ያሙቅሽ?" ክፍሌ መሞቁን በካሴት ነግሬያቸው ነበርና እሱንም አልረሱት።

ቀና ስል ሚስስ ፔንደል በሩ ላይ ቆመዋል። "ማን ሞቶ ነው?" አሉኝ።

"እርስዎ" አልኳቸው።

ሁሉንም ተረጎምኩላቸው። መጀመሪያ ወንበር ይዘው እስኪደክማቸው ሳቁ። ከዚያ "መልሺው" አሉኝ፤ መለስኩት። "ይቺ ባለ ሻካራ ድምፅ የት ተማረች?" "ለቅሶ ቤት።" "ለእኔ ነው? እርግጠኛ ነሽ?" "ስምዎን እየጠሩ እኮ ነው።" እውነትም ከለቅሶው መሐል "ፔንደል፣ ፔንደልዬ" ይሰማል። እንባቸውን በፎጣ ጠርገው ወደ መስታወቱ ሄዱ፣ ቀዩን ቀለም አነሡ። "ተመልካቾቼ አለቀሱልኝ" አሉ። "ወጥቼ እጅ ካልነሣሁማ ነውር ነው።"

"እናቴ" የምትለዋን ከእኔ አፍ ሰምተው ያውቋታል፤ አንዲት ሌላ ቃል እንዳስተምራቸው ጠየቁኝ። ሳምንቱን ሙሉ ደረጃውን እየወጡ እየወረዱ አጠኗት። ሐጂ ኑሩም መልእክቴ ደርሷቸው፣ ምክንያቱን ሳይነግሩ እናቴንና ሴቶቹን ለስልኩ ቀጠሮ ሰበሰቡልን። መስመሩ ሲገባ መነጽራቸውን አስተካክለው፣ መድረክ ላይ እንደቆሙ ሁሉ ቀጥ ብለው፣ "እናቴ፣ አለሁ!" አሉ።

ከዚያ መጋዘኑ በእልልታ ተናጋ፣ እኛ ኩሽና ድረስ ገባ። ሐጂ ኑሩ ራሳቸው ሲስቁ ይሰማሉ። ሚስስ ፔንደል ስልኩን ከጆሯቸው ትንሽ አርቀው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው እስኪያበቃ አዳመጡት። ከዚያ ለእኔ ሰጡኝ።

እናቴ ትስቃለች፣ ታለቅሳለች፣ የዕድሩ ዳኛ ንፍሮውን መልሱ እንዳይል ትሰጋለች። ድንገት ድምፅዋ ዝቅ አለ። ማን እንደሚያዳምጠን ረስታው ይሁን ወይም ግድ አጥታ፣ እስከዚያ ቀን ተነጋግረነው የማናውቀውን ነገር አነሣች።

"የእሳቸውን ለቅሶስ ደረስን ዘሐራ። የኔን ትደርሺ ይሆን?"

ስልኩን በሁለት እጄ ጨበጥኩት። ሚስስ ፔንደል "ምን አሉ?" አሉኝ። "ሰላም በይልኝ ነው የምትለው" አልኳቸው። ዕድሜ ልካቸውን የሰው ፊት ሲያነቡ የኖሩ ሴት ናቸውና አላመኑኝም። ስልኩን ቀስ ብለው ከእጄ ወሰዱ፣ በሌላው እጃቸው እጄን ያዙ፣ ያጠኗትንም አንዲት ቃል፣ አሁን ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ለእናቴ ደገሙላት።

"አለሁ፣ እናቴ። አለሁ።"