በማዋለጃው ደጃፍ የቆመው ኮለን

ነገሩ የሆነው ከኮሌጅ ተመርቄ ዲላ ውስጥ በአንድ ተቋራጭ ቢሮ በድራፍቲንግ፣ ፕላን በመሳል ሥራ በተቀጠርኩ በሁለተኛው ዓመት ነው። ከአሥር ዓመት በላይ ሆኖታል። ቢሆነውስ! ዛሬም ሳስታውሰው ደሜ ይፈላል። የምጽፍላችሁም እስቲ ፍረዱኝ ብዬ ነው።

ቢሮአችን ከይርጋጨፌ ወጣ ብላ ባለች አንዲት ቀበሌ ለእናቶች ማዋለጃ ይሠራ ነበር። ዲዛይኑን ያወጣው የአዲስ አበባ አማካሪ ድርጅት ከወረቀቱ ሌላ በፍላሽ አንድ ፋይል ልኮልናል። ሕንፃው ከነግድግዳው፣ ከነበሩ፣ ከነጣሪያው ኮምፒውተር ውስጥ ተሠርቶ የተቀመጠበት ሞዴል ነው። የቢሮው ፕሮግራም ግን አሮጌ ስለነበር ሊከፍተው አልቻለም። አለቃዬ ኢንጂነር ታምሩ «ወረቀቱ ይበቃናል» ብሎ ፍላሹን መሳቢያ ውስጥ ጣለው።

እኔ ደግሞ እንዲህ ያለ ነገር ካላየሁ እረፍት የለኝም። ፍላሹን ለምኜ ወሰድኩ። በምሳ ሰዓቴ ኢንተርኔት ቤት እየተቀመጥኩ፣ መስመሩ ሲቋረጥ እንደገና እየጀመርኩ፣ ሞዴሉን የሚከፍትና የሚያስተካክል ነጻ ሶፍትዌር በአራት ቀን አወረድኩ። ነጻ ስል የተሰረቀ ማለቴ አይደለም። የሠሩት ሰዎች ራሳቸው ውሰዱ፣ ተጠቀሙበት፣ ከቻላችሁም አሻሽሉት ብለው የሰጡት ነው።

በወንድሜ አሮጌ ላፕቶፕ ከፈትኩት። ሕንፃውን አዞርኩት፣ ጣሪያውን አንስቼ ከላይ አየሁት፣ በራምፑ፣ ደረጃ በሌለው ተዳፋት መግቢያ፣ ወጥቼ ወደ ማዋለጃው በር ሄድኩ። ወይ ጉድ! በሩ ፊት የበረንዳው ምሰሶ፣ እኛ ኮለን የምንለው፣ ተገትሯል። በወረቀቱ ላይ በሩ በአንድ ገጽ፣ ኮለኑ በሌላ ገጽ ስለነበር ማንም አንድ ላይ አላያቸውም። ለካሁት። በኮለኑና በግድግዳው መካከል የቀረው ሰባ ሴንቲ ነው።

ሰባ ሴንቲ በእግሩ የሚሄድ ሰው ያሳልፋል። በዚያ አገር ግን ምጥ የያዛት ሴት በእግሯ አትመጣም። ከላይ ካሉት ጎጦች የሚያወርደው መንገድ መኪና ስለማያስገባ ጎረቤት ተጠራርቶ በቃሬዛ፣ ሁለት ሁለት ሆኖ ጎን ለጎን፣ በትከሻው ተሸክሟት ነው የሚመጣው። አዲስ አበባ ተቀምጦ የሳለው ሰው ይህን ባያውቅ አልፈርድበትም። እኛ ግን እናውቃለን!

ኮለኑን ሞዴሉ ላይ አንድ ሜትር ወደ ጎን አዛወርኩት። የሚሸከመው የበረንዳውን ጣሪያ ብቻ ስለሆነ ብዙ ጣጣ የለውም። ያስተካከልኩትን ለአማካሪው አርክቴክት በኢሜል ላክሁና ላፕቶፑን ይዤ ኢንጂነሩ ዘንድ ገባሁ።

«በምንድን ነው የሠራሽው?» አለኝ። ነገርኩት።

«በነጻ? በነጻ የሚታደል ፕሮግራም ቫይረስ ነው። የሌባ ዕቃ ቢሮዬ ታስገቢያለሽ?»

ስክሪኑን ዞር ብሎ እንኳ አላየም። የሰማይ ያለህ! ክራክ ተደርጎ፣ ቁልፉ ተሰብሮ፣ በሲዲ የተገዛው የእሱ ፕሮግራም አይደለም እንዴ?

ከሰዓት በኋላ ግንባታው ቦታ፣ ሳይቱ ድረስ ሄጄ ለፎርማኑ ለጋሽ በራሶ አሳየኋቸው። የዚያው አገር ሰው ናቸው። ስክሪኑን ጠጋ ብለው አዩና «ልጄ፣ እኔ እህቴን በዚህ ትከሻ ተሸክሜያለሁ። ይቺ ኮለን እዚህ ከቆመች ሸካሚው በየት ያልፋል?» አሉ። ከአዲስ አበባ መልስ ሳይመጣ አርማታውን እንደማይሞሉ ቃል ገቡልኝ።

ይህን ኢንጂነሩ ሰማ። በማግስቱ ጠዋት ደብዳቤ ጠበቀኝ። ፈቃድ የሌለው ሶፍትዌር ቢሮ ውስጥ በመጠቀሜና ሠራተኛ በማሳመፄ ለአምስት ቀን ከሥራ ታግጃለሁ። ቀኑን ሳየው እኔ ገና ስምንተኛ ክፍል የነበርኩበት ዓመት ነው! ለካ ያ ክራክ ፕሮግራማቸው የኮምፒውተሩ ቀን ወደ ኋላ ካልተመለሰ አይከፈትም፤ ጸሐፊዋም በዚያው ኮምፒውተር ጽፋ ማሽኑ የሰጣትን ቀን እንዳለ አትማዋለች። ማኅተም አለው፣ ፊርማ አለው። እኔን ሕገ ወጥ የሚለው ይህ ደብዳቤ ነው። ሳቄ መጣ፣ ወዲያው ደግሞ አለቀስኩ።

በሦስተኛው ቀን አርክቴክቱ መለሰ። ትክክል መሆኔን፣ ኮለኑም እኔ ባዛወርኩበት ቦታ እንዲሠራ ጽፎ አመስግኖኛል። መልሱን አሳትሜ በሚኒባስ ወደ ሳይቱ በረርኩ። ጋሽ በራሶ የሉም። አልሞላም ስላሉ ኢንጂነሩ አሰናብቷቸው፣ ከሌላ ሳይት ሠራተኛ አምጥቶ በዋዜማው አስሞልቶታል።

ኢንጂነሩ እዚያው ነበር። የአርክቴክቱን መልስ ሰጠሁት። የአንድ ቀን አርማታ እኮ ነው፣ የያዘው ጣውላ እንኳ አልተፈታም፤ በግማሽ ቀን ይፈርሳል። ወረቀቱን አንብቦ አጠፈና ኪሱ ከተተው።

«በአንቺ ጨዋታ የሞላሁትን አላፈርስም» አለ። «ከበሩ ሲደርሱ ወርዳ በእግሯ ትግባ።»

በእግሯ ትግባ! ያን አፉን ምን ልበለው? ሥራውን በዚያው ለቀቅሁ።

ማዋለጃው ከተከፈተ በኋላ ለሌላ ሥራ በዚያ ሳልፍ ሰዎች ቃሬዛ ተሸክመው ሲደርሱ አየሁ። ራምፑን እየሮጡ ወጡ። ኮለኑ ጋ ሲደርሱ ቆሙ። ወደ ግራ ሞከሩ፣ ወደ ቀኝ ሞከሩ፣ አልሆነም። አወረዷት። ሁለት ሴቶች ደግፈዋት አንድ ሁለት እርምጃ እንደሄደች ምጡ መጣባትና ኮለኑን በሁለት እጇ አቅፋ ጮኸች። ሸካሚዎቹ ፊታቸውን አዞሩ። እኔ የማደርገው ጠፍቶኝ ቆሜ ቀረሁ።

በኋላ በሰላም መገላገሏን ሰማሁ፤ ተመስገን። ግን ሰዉ «ያለፈ ነገር ነው፣ ተይው» ሲለኝ ይብስ እናደዳለሁ። ምኑ ነው ያለፈው? ኮለኑ እዚያው ቆሟል።

ከኢንጂነሩ ይልቅ አሁን አሁን የሚያንገበግበኝ የራሴ ነገር ነው። ያን የእገዳ ደብዳቤ በተቀበልኩ ቀን አርማታው ገና አልተሞላም ነበር። ላፕቶፑ በእጄ ነበር። ያንን ስክሪን ለቀበሌው ሰው፣ ለእነዚያ ለሚሸከሙት ሰዎች በማሳየት ፈንታ ቤቴ ገብቼ ሳለቅስ ዋልኩ።