ሁሉን የሚያይ ግቢ

አጣቢዋን ሰፈርተኛው «የላይዋ» ይላታል፤ ታናሽ እህቷን ደግሞ «የታችዋ»። አንድ አልጋ ላይ ተራግጠው ያደጉ እህትማማቾች ናቸው። ልዩነታቸው አንዷ ኮረብታ ላይ፣ ሌላዋ ከኮረብታው ሥር ማግባቷ ብቻ ነው። ይህቺን የምታህል ልዩነት ሰው ታስገድላለች ብሎ ማን ያስባል?

አሁን ሁለቱም ታች ናቸው። የላይዋ ከቤቷ ከተባረረች ጀምሮ እህቷ ዘንድ፣ በአልጋውና በስፌት መኪናው መካከል ፍራሽ አንጥፋ ትተኛለች። ጠዋት ፊቷን ሳትታጠብ በመስኮት አንገቷን አስግጋ ወደ ኮረብታው ታያለች። ቤቷ ከዚያ ሲታይ የክብሪት ቀፎ ታህላለች። «አለች» ትላለች፣ የታመመ ሰው እንዴት እንዳደረ እንደሚጠይቅ ሰው። 

የናፈቃት ምን መሰላችሁ? ነፋሱ ነው! ግንበኛው ባሏ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ ያንን ቦታ የመረጠላት ለነፋሱ ብሎ ነበር። «አንቺ ታጥቢያለሽ፣ ነፋሱ ያደርቅልሻል፣ እኔ ደግሞ ቁጭ ብዬ እበላለሁ» እያለ ያበሽቃት ነበር። የሆቴሉና የሆስፒታሉ አንሶላ ጠዋት ተሰጥቶ ምሳ ሳይደርስ ይታጠፋል። እዚህ ታች ግን፣ ቤቱ በቤት ላይ ተደራርቦ ነፋስ መግቢያ አጥቷል፤ አንሶላው አድሮም አይደርቅ፣ ሻጋታ ሻጋታ ይሸታል። ደንበኞቿ ሲያጉረመርሙ «ምን ላድርግ፣ በአፌ እፍ ልበልበት?» ትላለች።

በዚያ ግቢ ቅር የሚላት አንድ ነገር ብቻ ነበር። ከአጥሩ በታች የቆሙት ዛፎች የእህቷን መንገድ ጋርደውባታል። ድልድዩን ታያለች፣ አውራ ጎዳናውን ታያለች፣ እህቷን ግን አታይም። «እነዚህ ዛፎች ባይኖሩ እኮ እህቴን እያየሁ አጥብ ነበር» እያለች ማዘጋጃ ቤት ደጅ ጠናች። ዛፍ አይቆረጥም አሏት፤ ተራግማ ተመለሰች።

ዛፎቹን የቆረጧቸው ወታደሮቹ ናቸው።

ከተማዋ ጎድጓዳ ቦታ ላይ ናት። ፊቷ ወንዝ፣ ጀርባዋ ኮረብታ፣ መውጫዋ አንድ ድልድይ። እንግዲህ ከተማዋን የፈለገ ድልድዩን ይፈልጋል፤ ድልድዩን የፈለገ የእኛዋን አጣቢ ግቢ ይፈልጋል። የመጀመሪያዎቹ ሲመጡ አዛዣቸው ጨዋ ነበር፤ ቆቡን አውልቆ «እናቴ፣ ግቢዎ እንዴት ያምራል! ሁሉን ያያል» አላት።

«ለልብስ ነው ልጄ፤ ድልድይ ላይበት አይደለም» ብትለው ሳቀ። በማግስቱ ፍራሿን ተሸክማ ወረደች። ሌሎች መጥተው እነዚያን አባረሩ፣ ሦስተኞቹ ደግሞ ሁለተኞቹን። ባንዲራቸው ለየቅል፣ ዘፈናቸው ለየቅል፣ አንዱ ሌላውን በዓይኑ ማየት አይፈልግም። ሁሉም ግን መንገድ እንኳ ሳይጠይቁ ቀጥ ብለው እሷ ግቢ! «ምናለ ሜዳ ላይ ብትሠራልኝ» ትለዋለች የሞተውን ባሏን።

ሁለተኞቹ ናቸው የከፉት። የከተማዋ ሰው ግማሹ ዘሩ የጠላት ነው ተባለ፤ ይጥፋ ተባለ። የላይ ሰፈር ሰው ወሬውን ሲሰማ ከጓሮው ጫካ ገብቶ ሸሸ። የታቹስ ወዴት ይግባ? ወንዙ ሞልቷል፣ ድልድዩ ላይ ብቅ ያለ ሁሉ ከኮረብታው በጥይት ይለቀማል። ታች የተገኘ ሰው ዘሩን የጠየቀውም አልነበረም። ስንቱ አለቀ! «እኛን የፈጀን አድራሻችን ነው» ትላለች የታችዋ ነገሩ በተነሳ ቁጥር።

የታችዋ ባል ፀጉር አስተካካይ ነበር፤ ሱቁ ከቤታቸው ጋር የተያያዘች ናት። በዚያ ሰሞን አንድ ቀን ጸጥ ሲል ጊዜ ጎረቤቱን ላጨና፣ የተላጨውን ፀጉር ከጨርቁ ላይ ለማራገፍ ደጃፉ ላይ ብቅ አለ። በዚያው ቀረ። ተባራሪ ጥይት ነው ተባለ። ሰፈሩ ተባራሪ አለ፣ ቀባሪው ተባራሪ አለ፣ የላይዋም «ከዚያ እስከዚህ ማን ማንን ይለያል፤ ተባራሪ ነው እህቴ» አለቻት። ዓይኗን ግንባር ያድርገውና ያወቀችው ይህንኑ ነበር። የታችዋ ይህችን ቃል ተደግፋ ኖረች። ተባራሪ ጥይት ባለቤት የለውም፤ ባለቤት የሌለውን ነገር ደግሞ ይቅር ማለት አይከብድም።

ጦርነቱ በስምምነት አለቀ ተባለ። ወታደሮቹ ኮረብታውን ለቀው ወረዱ። የማዘጋጃ ቤቱ ሰውዬ «ግቢሽ ከፈንጂ ጸድቷል፣ መግባት ትችያለሽ» ሲላት የላይዋ እልል ልትል ምንም አልቀራት።

«ተነሽ አብረን እንግባ» አለቻት እህቷን። «ሁለት ክፍል ነው፤ አየሩስ ብትይ! እዚህ ጉድጓድ ውስጥ ምን ታደርጊያለሽ?»

የታችዋ መርፌ ውስጥ ክር እያስገባች ነበር። «እትዬ፣ አንቺ ቅደሚ» አለች። «መጀመሪያ ግን አንድ ነገር እዪልኝ። ዛፎቹ ከተቆረጡ ወዲህ የኛ ደጃፍ ከዚያ ይታይ እንደሆን። ቢታይም ሰው ይለይ እንደሆን። እውነቱን ንገሪኝና እወጣለሁ።»

«ምን ይለያል ብለሽ ነው!»

«እሱን እዪልኛ።»

ወጣች። ቤቷ ደግነቱ ቆማለች። በድልድዩ በኩል ያለው ግድግዳ ተሸንቁሯል፣ የአሸዋ ከረጢት በየቦታው ወድቋል፣ ገንዳዋ ውስጥ እሳት ነድዶበታል። ከግቢው ዳር አንድ አግዳሚ ወንበር ተተክሏል። «ሲዝናኑ ነበር እቴ» ብላ ሰደበቻቸው። ጠርጋ አጽድታ፣ በነጋታው ገመዷን ወጠረች፤ የሆቴሉን አንሶላ አጥባ ሰቀለች። ነፋሱ መጣ! አንሶላዎቹ ተነፍተው ሲውለበለቡ እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «መጣህ አንተ የኔ ጌታ!» አለችው ነፋሱን፣ የሚሰማት ሰው ቢኖር አበደች ይል ነበር።

ከዚያ አግዳሚው ላይ አረፍ አለችና ወደ ታች አየች። ወይ ጉድ! ዛፎቹ የሉማ፤ የእህቷ መንገድ ከእግሯ ሥር ተዘርግቷል። ደጃፉ ያው። የፀጉር ቤቷን የተከራየው ጫማ ሰፊ ያው፣ ሽርጡን እያራገፈ፤ ራሰ በራው ሳይቀር ያብረቀርቃል። ደስ አላት። ስንት ዓመት የተመኘችው ነገር ነው! እህቷም በሩን ከፍታ ጆግ ይዛ ወጣች፤ ቡናማ ሹራቧን ለብሳለች። «የኔ እናት፣ ከስተሻል እኮ» አለች የላይዋ ለራሷ።

ይሄኔ ጫማ ሰፊው ቀና አለ። ኮረብታው ላይ የሚንቀሳቀስ ነገር አየ። ሽርጡን ጥሎ ወደ ውስጥ ዘለለ። አንዷ እናት ልጇን በክንዷ ጎትታ የጉልት መደብ ሥር ገባች፤ መስኮቶች ተዘጉ። የላይዋ «ማን መጣ?» ብላ ዞራ ኋላዋን አየች። ማንም የለም። የመጣችው እሷ ናት። ታች እህቷ ጆጉን ጥላ ሮጠች፤ የቀኝ እግር ጫማዋ ወለቀ፤ ትታው በባዶ እግሯ ጠጠሩን እየረገጠች ግድግዳ ለግድግዳ ተለጥፋ ቤቷ ገባች።

የላይዋ እጇን አፏ ላይ አድርጋ ቀረች። ከዚህ ወንበር የወለቀ ጫማ ይታያል። የየትኛው እግር እንደሆነ እንኳ ይለያል። እዚህ ተቀምጦ የነበረው ሰውዬ ያንን ደግ ሰው አይቶታል። ጨርቅ እንደሚያራግፍ አይቷል፣ ማበጠሪያው ከኪሱ ብቅ ማለቱን አይቷል፣ ፀጉር አስተካካይ መሆኑን አውቋል። አውቆ፣ አነጣጥሮ፣ ተኩሷል።

አንሶላዎቹን ከነእርጥበታቸው ገመዱ ላይ ትታ ቁልቁል ወረደች።

የታችዋን ከአልጋው ጀርባ መሬት ላይ ኩርምት ብላ አገኘቻት። ጫማ ቀይራለች። «እትዬ! ላይ ሰው ገብቷል!»

«እኔ ነኝ። አንሶላ ነው ያሰጣሁት።»

የታችዋ አፍጥጣ አየቻትና ሳቅ አመለጣት፤ የላይዋም ሳቀች፣ ሁለቱም እስኪያስላቸው ሳቁ። ከዚያ የታችዋ ዓይኗን ጠረገችና «ታዲያስ?» አለች። «ሰው ይለያል?»

«ኧረ ምን ይለያል! ጉንዳን ነው የምትመስሉት» አለች የላይዋ። አፏ ላይ እንደመጣላት ነው የዋሸችው፤ ዓይኗን ግን ከወለሉ አላነሳችም።

«ተመስገን» አለች የታችዋ። ትከሻዋ ረገብ ሲል ታየ። «ተመስገን። በይ እወጣለሁ፤ አብረን እንኖራለን።»

ይህን ስትሰማ የላይዋ ማጠቢያ ሳህን አነሳች፣ ለብ ያለ ውኃ ጨመረችበት፣ እህቷ ፊት ተንበረከከች። «በይ ነይ ቀኝ እግርሽን ላጥብልሽ» አለች። «ያን ሁሉ ጠጠር በባዶ እግርሽ!»

የታችዋ እግሯን ልትሰጥ ዘርግታ መለሰችው። «ጫማዬ መውለቁን ማን ነገረሽ?»

የላይዋ ሳህኑን አስጠጋች።

«ቀኙ መሆኑንስ?»

ውኃው ሳህኑ ውስጥ ሲወዛወዝ ይሰማል። 

«እሱንም አይቶታል ማለት ነው» አለች የታችዋ።

«አዎ የኔ እህት። አይቶታል።»

የታችዋ አላለቀሰችም። እግሯን ቀሚሷ ውስጥ ሰበሰበች። «እኔ እኮ ይቅር ብዬ ነበር» አለች። «ሰው የለበትም ብዬ ነው ይቅር ያልኩት። አሁን ከየት ልጀምር እትዬ?»

የላይዋ ሳህኑን ወደ ጎን ገፋ አድርጋ አጠገቧ መሬት ላይ ተቀመጠች። ያን ቀን ከሰዓት የሆቴሉ ሰው አንሶላውን ፍለጋ መጥቶ የታችዋን በር ቢያንኳኳ፣ ቢያንኳኳ፣ የሚከፍትለት አላገኘም።