እግሬ ላይ የታሰረው ቃጭል

ያን ጊዜ በስደት ቻምብሊ በምትባል ከተማ አረጋውያን መንከባከቢያ ቤት ውስጥ ተቀጥሬ እሠራ ነበር። ለቤተ ክርስቲያናችን መዘምራን ግጥም የምጽፈውም እኔ ነኝ። እሱን ቢነጥቁኝ ምን ይቀረኛል? አንዲት ዘማሪ ደግሞ ዓለማዊ መድረክ ላይ ታይታ ሽማግሌዎቻችን ከመዝሙር ካገዷት ገና ወሯ ነበር።

ማራቲ የምትናገር ህንዳዊት የሥራ ባልደረባዬ «ገጣሚ አይደለሽ? ነይና የአገሬን የሕዝብ ቲያትር እዪ» ብላ ቅዳሜ ከሰዓት ሮዝዌል ከተማ ወዳለ አዳራሽ ጠራችኝ። መኪናዬን ፓርክ አድርጌ ስገባ ተዋንያኑ ለአምላካቸው እየዘመሩ ነበር። «በኢየሱስ ስም!» አልኩ በሆዴ። ግን አልወጣሁም።

ከዚያ ለሁለት ተከፍለው በግጥም ይጠያየቁ ጀመር። አንዷ ትጠይቃለች፣ ከበሮ ይመታል፣ ሌላዋ ትመልሳለች። ቋንቋውን ባልሰማም ቤት ሲመታ ይገባኛል። እኔ ጌታን ሳላገኝ ያደግኩት አዝማሪ ቤት አጠገብ ነው። እዚያ አዝማሪው ፋታ ሲሰጥ እንግዶቹ ከተቀመጡበት ግጥም ይሰጡታል፣ እሱም ተቀብሎ ያዜመዋል። ከበሮው ጋብ ሲል ምላሴ አላስችል አለኝ።

«ተቀበይ!» ብዬ ጮህኩ።
«እኔን ብትጠይቂኝ መልሱን በነገርኩሽ፣
ከበሮው ቢፈቅድ ስንኝ ባዋጣሁልሽ!»

ለካ እነሱ ዘንድ ከሕዝቡ መሀል ድምፁን ያሰማ ሰው መድረክ ወጥቼ ልግጠም ማለቱ ነው! ሁለት ተዋንያን እየሳቁ መጥተው ወደ መድረክ ጎተቱኝ። እግሬ ላይ የቃጭል ማሰሪያ ጠመጠሙልኝ። ቀና ስል በሩ ላይ የቆሙትን የሴኩሪቲ ልብስ የለበሱ ሰውዬ አየሁ። ዘማሪዋን ካገዷት የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌዎች አንዱ ናቸው።

አለቀልኝ! ፈራሁ፣ በጣም ፈራሁ። ጉልበቴ ሲንቀጠቀጥ ቃጭሉ ይንጫጫል፣ ሕዝቡም የምጨፍር መስሎት ያጨበጭባል። አንቺ ሴትዮ፣ አፍሽ አያርፍም ነበር? ዓይኔን ጨፍኜ ግጥሙን ደገምኩት። ዘፋኟ እንደሆነላት ተቀበለችኝ፤ አዳራሹ ተናወጠ። እንደጨረስኩ በጎን በር ሮጥኩ።

ሽማግሌው መኪናዬ አጠገብ ቆመው ይጠብቁኛል። ለካ ቃጭሉን ሳልፈታ ነው የወጣሁት፤ በየእርምጃዬ ይጮሃል።

«ጋሼ፣ በእግዚአብሔር ይዤዎታለሁ፣ ከመዝሙሩ እንዳያስወጡኝ» አልኩ፤ እንባዬ ቀደመኝ።

ግራ ቀኝ አዩ።

«ልጄ» አሉ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ሳጨበጭብ አይተሽኛል መሰለኝ። አደራሽን፣ ለማንም እንዳትነግሪብኝ።»