ነፋሱን ኮፍያ ያለበሰው ሰው

ኮረብታው ላይ የቆሙት ሁለት ነገሮች ብቻ ነበሩ፤ ሰማንያ ሜትር የሚረዝም ቀጭን የብረት ምሰሶና አንዲት ባለ አንድ መስኮት ቤት። ምሰሶው ዙሪያውን በሽቦ ገመድ ተወጥሮ ተይዟል፤ ደመና ዝቅ ባለ ቀን ጫፉ አይታይም። የማያውቅ ሰው የስልክ ምሰሶ ነው ይላል። አይደለም፤ ነፋስ መለኪያ ነው። ከነፋስ መብራት የሚያወጡት እነዚያ ትልልቅ ተሽከርካሪዎች ከመተከላቸው በፊት ነፋሱ መቼ እንደሚነሳ፣ መቼ እንደሚተኛ፣ ሲቆጣም ምን ያህል እንደሚቆጣ ዓመት ሙሉ ይጠናል። እንዲህ ማድረጋቸው ልክ ነው። ነፋስንና አማችን በአንድ ቀን አይቶ ማመን ደግ አይደለም።

በቤቷ የሚኖረው የምሰሶው ጠባቂ ነው። ከታች ባለችው ከተማ ሰው ሁሉ "ሰዓት ሠሪው" ይለዋል፤ ማጉያ መስታወት አንድ ዓይኑ ላይ ሰክቶ ሠላሳ ዓመት የሰው ሰዓት ሲፈታና ሲገጥም ኖሯልና። በኋላ ሰዉ ሰዓቱን ከስልኩ ማየት ሲጀምር ሱቁ ዝንብ የሚቆጠርበት ሆነ። ጥበቃውን ሲያገኝ ግን አልከፋውም። ጠዋትና ማታ ሽቦዎቹ አለመላላታቸውን ያያል፤ ነፋሱን የሚመዘግበው ሳጥን ላይ ያለችው ትንሽ መብራት መብራቷን ያረጋግጣል፤ ከዚያ ቁጭ ነው። ከሰዓት በኋላ በሩ ላይ ተቀምጦ ሣሩ በነፋስ ሲተኛና ሲነሳ ሲያይ፣ ኮረብታው ሙሉውን ተነቅሎ ቀስ እያለ ወደ አንድ ቦታ የሚሄድ ይመስለዋል። ወዴት እንደሚሄድ ጠይቆ አያውቅም።

ከእሱ ይልቅ በምሰሶው የተደሰተችው ሚስቱ ነበረች። አዋላጅ ናት፤ ዕድሜዋን ሙሉ የሠራችው በከተማዋ ጤና ጣቢያ ነው። እዚያ መብራት የሚጠፋው ሰው አስቦበት ይመስል ልክ ምጥ ሲፋፋም ነው። የእጅ ባትሪ በጥርሷ ነክሳ ስንቱን ሕፃን ተቀብላለች። "የዚህ ከተማ ግማሹ ሰው ዓለምን ሲያይ መጀመሪያ ያየው የእኔን ባትሪ ነው" እያለች ትቀልዳለች። ታዲያ ኮረብታው ለልኬት ተመረጠ ሲባል አፏን ሞልታ ተናገረች።

"እዚህ ላይ እነዚያ ነጫጭ ነገሮች ሲዞሩ፣ ጤና ጣቢያው ቦግ ብሎ ሲበራ ሳላይ አልሞትም። ለሞትም ነግሬዋለሁ።"

ሞት ግን ለማንም ቃል አይገባም። ልኬቱ በተጀመረ በስምንተኛው ወር ክፉ ሕመም አጥንቷ ውስጥ ገባ። ሐኪሞቹ አይተው፣ አይተው፣ መድኃኒት ሰጥተው ወደ ቤቷ መለሷት። አልጋዋን እሱ መስኮቱ ሥር አደረገላት። ሌሊቱን ዓይኗ አይከደንም። ከምሳ በኋላ፣ ስምንት ሰዓት ገደማ፣ መድኃኒቱ ሲይዛት ብቻ እንቅልፍ እንደ አኩራፊ ዘመድ ቀስ ብሎ ወደ ደጃፏ ይመጣል።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ምሰሶው ላይ ነፋስ የሚቆጥሩት በየደረጃው የተሰቀሉ ሦስት ሦስት ትናንሽ ኩባያዎች ናቸው፤ ነፋስ ሲመታቸው ይሽከረከራሉ። የታችኞቹ ያሉት አሥር ሜትር ላይ፣ ለመስኮቱ ቅርብ ነው። የሚዞሩበት ኩሽኔታ ቅባቱ ደርቆ ነበር። የከሰዓት ነፋስ ሲነሳ ሲጥ ይላል፤ እሷ ዓይኗን ስትከድን፣ ሲጥ፤ ትገልጣለች። እንደገና ስትከድን፣ ሲጥ። አንድም ቀን አላማረረችም። "ምንም አይልም፣ ይሥራ" ነበር የምትለው። እሱ ግን አጠገቧ ተቀምጦ ያችን የተገለጠች ዓይን ሲያይ አንጀቱ ይቆረጥ ነበር።

እዚህ ጋ ሌላ ሰው ቢሆን ስልክ ያነሳል። ምሰሶውን ላቆመው መሥሪያ ቤት ደውሎ "ኩሽኔታው ጮኸ" ይላል፤ አለቀ። የእኛ ሰዓት ሠሪ ግን ይሉኝታ የሚባል በሽታ ያለበት ሰው ነው። ስለ ሚስት እንቅልፍ መሥሪያ ቤት ይደወላል እንዴ ብሎ አፈረ። ወይ ሰው! ይልቅ በስድሳ ዓመቱ የምሰሶውን መወጣጫ ብረት ቆንጥጦ አሥር ሜትር ወጣና የሹራብ ኮፍያውን ከራሱ ላይ አውልቆ ለሦስቱ ኩባያዎች አጠለቀላቸው። ከሥር በክር ሸብ አደረገው። ነፋሱ ዝም አለ። ሲወርድ፣ ሚስቱ አፏን ትንሽ ከፈት አድርጋ ተኝታለች።

ስትነቃ ወጥቶ ኮፍያውን አወለቀ። በማግስቱም እንዲሁ፤ በሰልስቱም እንዲሁ። ላይኞቹ ኩባያዎች እየዞሩ ነው፣ የታችኞቹ ለሁለት ሰዓት ቢያርፉ ማን ይጎዳል አለ። ነፋስ እንደሆነ አያልቅም።

እነዚያ የከሰዓት ጊዜያት በሕይወቱ ያየው ጸጥታ ሁሉ የተጠራቀመባቸው ነበሩ። ብርሃኑ ከትራሱ ጀምሮ በብርድ ልብሱ ላይ ቀስ ብሎ ይሄድና እግሯ ጋ ደርሶ ወደ ወለሉ ይወርዳል። ውጭ ሣሩ ይተኛል፣ ይነሳል፤ ድምፅ የለውም። እሱ ወንበሩ ላይ ሆኖ ትንፋሿን ሲያዳምጥ እሱንም ሸለብ ያደርገዋል። በሰመመኑ ኮረብታው ተነስቶ ይሄዳል፤ እሷ ወጣት ሆና በሩ ላይ ቆማ፣ ያ ምን ከተማ ነው ትለዋለች፤ እሱም አላውቅም፣ ገና እየደረስን ነው ይላታል። ብንን ሲል መጀመሪያ የሚያየው ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት ነው። ሠላሳ ዓመት የለመደ ዓይን መቼ ይተዋል? ስንት ሰዓት እንደተኛች፣ ስንት ሰዓት እንደነቃች ሳያይ የቀረበት ቀን የለም።

ሁለት ወር እንዲህ ሆነ። አንድ ማክሰኞ፣ ከሰዓት በኋላ፣ በዚያ ጸጥታ ውስጥ እንደተኛች ሞተች። ተቀበረች። ሰዓት ሠሪው ከተማ እህቷ ቤት ሦስት ቀን ሰንብቶ ወደ ኮረብታው ተመለሰ። አልጋውን ከመስኮቱ ሥር አላነሳውም።

ሦስት ሳምንት ቆይቶ ኢንጂነሯ መጣች። በየሦስት ወሩ እየመጣች ሳጥኑ የመዘገበውን በላፕቶፗ የምትወስድ፣ ጫማዋ ሁልጊዜ ጭቃ የሆነ ወጣት ናት። አጽናናችው፤ የሰጣትን ሻይ ጠጣች፤ ገመዱን ሰክታ ማየት ጀመረች። ከዚያ ፊቷ ተለዋወጠ።

በታችኞቹ ኩባያዎች ከሰዓት ከሰዓት ነፋሱ ድርግም ብሎ ይጠፋል፤ ደግሞ በራሱ ይመለሳል። ላይኞቹ ላይ ግን እንደ ጉድ ይነፍሳል። እንዲህ ያለ ነፋስ በዓለም ላይ የለም አለችው። መሣሪያው ምክንያቱ ሳይታወቅ እንዲህ ከቀበጠ መሥሪያ ቤቱ የሁለቱን ወር ብቻ አይደለም፣ የዓመቱን ልኬት በሙሉ አያምነውም፤ ይጥለዋል። እንደገና የሚለካበት ዓመት የለም። ሌላ ኮረብታ፣ ሌላ ከተማ ተራ ይዞ እየጠበቀ ነው። "ያሳዝናል፤ ጥሩ ኮረብታ ነበር" ብላ ገመዷን ጠቀለለች።

ሰዓት ሠሪው ገመዱ ሲጠቀለል አየ። ዝም አይነቅዝም ይባላል፤ ዝም ቢል በርግጥ ማንም አያውቅበትም። ምናልባት ሌላ ምሰሶ ይሰጡት ይሆናል፤ ጥሩ ጠባቂ ነበር ይሉታል። ከተናገረ ግን ይባረራል። ይህችን ክፍል፣ መስኮቱን፣ ብርሃኑ ከትራስ ወደ እግር የሚሄድበትን አልጋ ጥሎ ይወጣል። ሚስቱ ያለችው እኮ እዚህ ነው። ከታች ደግሞ ጤና ጣቢያው አለ። እሷ የነከሰችውን ባትሪ አሁን የምትነክሰው ተተኪዋ ናት፤ እሱ ኮፍያውን ያጠለቀው ለሚስቱ እንቅልፍ ሲል የእሷኑ ምኞት ላይ ኖሯል። ይህን ሲያስብ ተነስቶ ወደ በሩ ሄደ።

ሲወጣ ኢንጂነሯ መኪናዋን አስነስታለች። መስኮቱን በጣቱ መታ መታ አደረገው።

"እኔ ነኝ፣ ልጄ። ኮፍያ አልብሼው ነው።"

ኀዘኑ አዙሮት ነው ብላ በርኅራኄ አየችው። እሱ ግን ኩሽኔታውን፣ ሲጥታውን፣ ክሩን አንድ በአንድ ነገራት። ርኅራኄው ከፊቷ ላይ ጠፋ። ሞተሩን አጥፍታ ወረደች።

"አንድ ስልክ እኮ ነው፣ ጋሼ! ቢደውሉልን ኩሽኔታውን በአሥር ደቂቃ እንቀይረው ነበር።"

አሥር ደቂቃ የምትለዋ ነገር ጎኑን ወጋችው።  ኮፍያውን ማን እንዳሰረው መጻፏ እንደማይቀር፣ ከተጻፈ ደግሞ እዚህ እንደማይተዉት ነገረችው፤ አውቃለሁ አላት። ከዚያ ትንሽ ተንጎራደደችና፣ ኮፍያው የተጠለቀባቸው ሰዓቶች በትክክል ከታወቁ እነሱ ብቻ ተቆርጠው የቀረው ልኬት ሊድን እንደሚችል ተናገረች። ግን በግምት አይሆንም። ያስታውሱታል ወይ ብላ ስትጠይቀው ተስፋ አልነበራትም።

ጎን ለጎን አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ። ስክሪኑ ላይ የነፋሱ መስመር ሲወጣ ሲወርድ ይቆይና በድንገት ጸጥ ብሎ ወለል ላይ ይተኛል፤ ከዚያ ይነሳል። እሷ ቀኑን ትጠራለች፣ እሱ ዓይኑን ጨፍኖ ሰዓቱን ይናገራል። የመጀመሪያው ቀን፣ ከስምንት ሰዓት ከሩብ እስከ ዘጠኝ ተኩል። ልክ ነው። የሚቀጥለው፣ ከስምንት ከአሥር እስከ ዘጠኝ ሰዓት፤ ጉንፋን ይዟት ስለነበር ቶሎ ነቃች። ልክ ነው። አንዱን ቀን አሥራ አንድ ሰዓት ድረስ ነው አላት፤ ያን ቀን ስትነቃ ሳቀች፣ ምን እንዳለመች ግን አልነገረችውም። እሱም ልክ ነው። ኢንጂነሯ ቁጣዋ የት እንደገባ ራሷም አላወቀችም፤ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ነበር የምትጠይቀው። እሱ ደግሞ የሚስቱን እንቅልፍ ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ተደርድሮ ሲያይ የመጀመሪያው ነው። ያሰበውን ያህል ትንሽ አልተኛችም። ደስ አለው፤ በግልጽ ደስ አለው።

ፀሐይ ወደ መስኮቱ ጥግ ስትደርስ ኢንጂነሯ ፈገግ አለች። የቀረው ንጹሕ ነው አለችው፤ ይኼ ኮረብታ ልኬቱን ያልፋል። ሰዓት ሠሪው ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ።

አንዲት መስመር ቀርታ ነበር። ከሁሉ ትረዝማለች። ማክሰኞ ስምንት ከሃያ ላይ ትተኛለች፤ የምትነሳው ዓርብ ከሰዓት ነው።

"ይቺስ፣ ጋሼ?" አለችው። "ይቺ ሦስት ቀን ናት።"

 እጁ ብርድ ልብሱን ደጋግሞ አስተካከለ።

"የማወልቀው ስትነቃ ነበር" አላት።